ናይም ሱሌይማኖግሉ፦ በሦስት ስም የተመዘገበ ጉልበት

የ1980ዎቹን የዓለም ክብደት ማንሳት ውጤቶች የሚያገላብጥ ሰው ሦስት ስሞች ያጋጥሙታል። በ1983 ናይም ሱሌይማኖቭ፣ ቡልጋሪያ። በ1985 እና በ1986 ናኡም ሻላማኖቭ፣ ቡልጋሪያ። በ1988 ናይም ሱሌይማኖግሉ፣ ቱርክ። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ሦስቱም አንድ ሰው ነው። ቁመቱ 1 ሜትር ከ47 ሴንቲ ሜትር ብቻ የነበረው ይህ ሰው በኦሎምፒክ ሦስት ጊዜ የወርቅ ሜዳሊያ በመውሰድ የመጀመሪያው ክብደት አንሺ ነው። ሰባት ጊዜ የዓለም ሻምፒዮን ሆኗል፤ 46 የዓለም ክብረ ወሰኖችንም አስመዝግቧል። እኔ ግን ታሪኩን ሳነብ ከሜዳሊያው ብዛት ይልቅ ዓይኔን የሚይዘው የስሙ ነገር ነው። ከሦስቱ ስሞች መካከለኛውን እሱም አባቱም አላወጡትም፤ መንግሥት የጫነበት ነው።

ናይም በጃንዋሪ 1967 በደቡብ ቡልጋሪያ፣ በካርጃሊ አውራጃ፣ ፕቲቻር በምትባል መንደር ተወለደ። አካባቢው ከኦቶማን ዘመን ጀምሮ ቱርክኛ ተናጋሪ ሙስሊሞች የሚኖሩበት ተራራማ አገር ነው። አባቱ የማዕድን ሠራተኛ ነበር። ልጁ አሥር ዓመት ገደማ ሲሆነው ብረት ማንሳት ጀመረ፤ በአሥራዎቹ አጋማሽ ደግሞ የወጣቶች የዓለም ሻምፒዮን ሆነ። በ1983፣ ገና በ16 ዓመቱ፣ የአዋቂዎችን የዓለም ክብረ ወሰን ሰበረ። በዚያው ዓመት ሞስኮ ላይ በተደረገው የዓለም ሻምፒዮና በሶቪየቱ ኦክሴን ሚርዞያን ተበልጦ ሁለተኛ ወጣ። በዓመቱ ደግሞ ከራሱ ክብደት ሦስት እጥፍ የሚሆን ብረት ከራሱ በላይ አነሳ። ከእሱ በፊት ይህን ያደረገ አንድ ሰው ብቻ ነበር፤ እሱም የአገሩ ልጅ ስቴፋን ቶፑሮቭ ነው።

ያን ጊዜ ቡልጋሪያ በዚህ ስፖርት ከሶቪየት ኅብረት ጋር ትከሻ ለትከሻ የምትጋፋ አገር ነበረች። የዚህ ምክንያቱ ኢቫን አባጂየቭ የሚባል አሠልጣኝ ነው። የሰውዬው ዘዴ ለመናገር ቀላል፣ ለመኖር ግን ከባድ ነበር። ሌሎች አሠልጣኞች ቀላል ቀንና ከባድ ቀን እያፈራረቁ፣ ብዙ ዓይነት እንቅስቃሴ እየቀላቀሉ ሲያሠሩ፣ እሱ ልጆቹን በየቀኑ፣ በቀንም ደጋግሞ፣ የመጨረሻ አቅማቸው እስከሚደርስበት ኪሎ ያወጣቸው ነበር። የሚሠሩት በአብዛኛው ውድድር ላይ የሚነሱትን ሁለቱን የማንሳት ዓይነቶች ነው፤ በዚያ ላይ ብረት ተሸክሞ ቁጢጥ ብሎ መነሳት ይጨመራል። ትንሽ ሠርቶ ማረፍ፣ ተመልሶ እንደገና መሥራት። ይህን መቋቋም ያልቻለው ይወድቃል፤ የቻለው ዓለምን ያሸንፋል። ናይም ከቻሉት ሁሉ የላቀው ነበር።

በ1984 ግን የሎስ አንጀለስ ኦሎምፒክ አመለጠው። ሶቪየት ኅብረትና ወዳጆቿ ውድድሩን በማደማቸው ቡልጋሪያም ቀረች። ከአራት ዓመት በፊት ሞስኮ ላይ በምሩጽ ይፍጠር ሁለት ወርቅ ያገኘችው ኢትዮጵያም በዚያው አድማ ቀርታለች፤ የዚያ ዘመን አንባቢ ቁጭቱን አይረሳውም። ሎስ አንጀለስ ያልሄዱት አገሮች ክብደት አንሺዎች በሴፕቴምበር ወር ቫርና በተባለችው የቡልጋሪያ ከተማ ሲወዳደሩ፣ ናይም በምድቡ አሸነፈ። ያነሳው ኪሎም የሎስ አንጀለሱን የወርቅ ባለቤት እጅግ የሚበልጥ ነበር።

በዚያው ዓመት መጨረሻ በገጠር የሆነው ነገር ግን ከኦሎምፒክ መቅረት ጋር የሚወዳደር አይደለም። የቶዶር ዢቭኮቭ መንግሥት በአገሩ የሚኖሩ ቱርኮችን ስም በግዴታ ወደ ቡልጋሪያ ስም መቀየር ጀመረ። ወታደርና ፖሊስ መንደሮችን ከብቦ እየገባ፣ ሕዝቡ አዲስ ስም የተጻፈበት መታወቂያ እንዲወስድ አደረገ። በጥቂት ወራት ውስጥ ብዙ መቶ ሺህ ሰዎች የአባትና የአያት ስማቸውን ተነጠቁ። በአደባባይ ቱርክኛ መናገር ተከለከለ። የተቃወመ ታሰረ፤ የተገደለም አለ።

የዓለም ክብረ ወሰን ባለቤት መሆን ከዚህ አላዳነውም። ናይም ሱሌይማኖቭ ናኡም ሻላማኖቭ ተባለ። ናይም በኋላ ሲናገር እንደተሰማው፣ አዲሱን ስም ደስ ብሎት እንደተቀበለ የሚገልጽ ቃል በጋዜጣ ላይ ወጣ፤ እሱ ግን ያን ቃል ተናግሮ አያውቅም። ይህ ወጣት በዚያ ስም መድረክ ላይ ወጥቶ ብረት ማንሳት ነበረበት። አነሳም፤ በ1985 እና በ1986 የዓለም ሻምፒዮን ሆነ። ውጤቱ ሲነገር፣ ሰሌዳው ላይ ሲጻፍ፣ ሁልጊዜ ሻላማኖቭ ነበር። የሚጨበጨብለት ጉልበቱ የራሱ ነው፤ የሚጠራበት ስም ግን ዘመዶቹን የረገጠው መንግሥት የሰጠው ነበር። ሃያ ዓመት ላልሞላው ልጅ ይህ ምን ያህል እንደሚከብድ መገመት አያቅትም።

በኖቬምበር 1986 በገዛ አገሩ ዋና ከተማ ሶፊያ የዓለም ሻምፒዮና ተደርጎ አሸነፈ። በወሩ፣ በዲሴምበር፣ ለዓለም ዋንጫ ፍጻሜ አውስትራሊያ፣ ሜልቦርን ሄደ። ውድድሩ ካለቀ በኋላ በተደረገው ግብዣ ላይ፣ ጠባቂዎቹ ሳያዩት ሹልክ ብሎ ጠፋ። በከተማው የሚኖሩ ቱርኮች ደበቁት። ከጥቂት ቀናት በኋላ ለቱርክ ዲፕሎማቶች እጁን ሰጥቶ ጥገኝነት ጠየቀ። ከዚያ ወደ ለንደን በረረ፤ ከለንደን የወሰደው የቱርኩ ጠቅላይ ሚኒስትር ቱርጉት ኦዛል የላኩት አውሮፕላን ነው። ቱርክ ሲደርስ ተንበርክኮ መሬቱን ሳመ። ወላጆቹና ወንድሞቹ ግን ቡልጋሪያ ቀርተዋል። የኮበለለ ሰው ቤተሰብ በዚያ ዘመን ምን ሊደርስበት እንደሚችል ለሚያውቅ፣ የውሳኔው ክብደት ይገባዋል።

በቱርክም አዲስ ስም ወጣለት፤ ይህኛው ግን ናይምነቱን የመለሰለትና የአያቶቹን ስም በቱርክኛ ወግ ያቆመለት ነው። መሰናክሉ ሌላ ነበር። አገር የለወጠ ስፖርተኛ የቀድሞ አገሩ ካልፈቀደች በኦሎምፒክ ለመወዳደር ዓመታት መጠበቅ ነበረበት። የ1988ቱ የሴኡል ኦሎምፒክ ደግሞ ቀርቧል። ቱርክ ፈቃዱን ለማግኘት ለቡልጋሪያ አንድ ሚሊዮን ዶላርና ከዚያም በላይ እንደከፈለች በሰፊው ተዘግቧል። ሰው በገንዘብ መለወጡ ደስ አይልም፤ የኦዛል መንግሥትም ከናይም ዝና የሚያገኘውን የፖለቲካ ትርፍ አስልቶ እንደነበር አልጠራጠርም። ቢሆንም የሚያስወቅሰው ከፋዩ ሳይሆን፣ ስሙን ነጥቆ ያባረረውን ልጅ እንደገና የሸጠው ወገን ይመስለኛል።

ሴፕቴምበር 20 ቀን 1988። ሴኡል። የ60 ኪሎ ምድብ። (ኢትዮጵያ በዚህኛውም ኦሎምፒክ አልነበረችም፤ ሰሜን ኮሪያን ደግፋ ቀርታለች።) ክብደት ማንሳት ሁለት ክፍል አለው። በመጀመሪያው፣ ስናች በሚባለው፣ ብረቱ ከወለል ተነስቶ በአንድ ትንፋሽ ከራስ በላይ ይደርሳል። በሁለተኛው፣ ክሊን ኤንድ ጀርክ በሚባለው፣ አንሺው ብረቱን መጀመሪያ ትከሻው ላይ ያሳርፍና ከዚያ ወደ ላይ ይገፋዋል። በየክፍሉ ሦስት ሙከራ ይፈቀዳል፤ የሁለቱ ክፍል ከፍተኛ ውጤት ይደመራል። ናይም በስናች 152.5 ኪሎ አነሳ። አዲስ የዓለም ክብረ ወሰን።

ከዚያ የሁለተኛው ክፍል ተራ ደረሰ፤ የመጨረሻው ሙከራ 190 ኪሎ ነበር። ሁለት ኩንታል ሊሞላ አሥር ኪሎ የቀረው ማለት ነው፤ አንሺው ደግሞ ስልሳ ኪሎ የማይሞላ ሰው። ቪዲዮውን ያየ ሰው የሚያስደንቀው ፍጥነቱ ነው። ብረቱ ወገቡ ጋ እንደደረሰ ናይም ወደ ላይ ከመጎተት ይልቅ ራሱ ወደ ታች ይወርድና፣ ብረቱ ገና መውደቅ ሳይጀምር ትከሻውን ከሥሩ ያስገባል። ዘንጉ በሁለቱም ጫፍ ሲረግብ ይታያል። ቁጢጥ ካለበት ይነሳል፤ ያ ነው ብዙ ሰው የሚሰበርበት ቦታ። ቆሞ አንድ ትንፋሽ ይወስዳል። ከዚያ ጉልበቱን ሰበር አድርጎ ይገፋል፤ አንድ እግር ወደፊት፣ አንድ እግር ወደኋላ ይከፈታል፤ ክንዶቹ ይዘረጋሉ። እግሮቹን ሰብስቦ ቀጥ ብሎ ሲቆም የዳኞቹ መብራት ነጭ ሆነ። በዓለም ላይ ከዚያ በፊት ማንም ሰው ከራሱ ክብደት አንጻር ይህን ያህል አንስቶ አያውቅም።

ድምሩ 342.5 ኪሎ ሆነ። ሁለተኛ የወጣው ያው የቀድሞ ጓደኛው ቶፑሮቭ ሲሆን ልዩነታቸው 30 ኪሎ ነበር። ከእሱ በላይ ባለው የ67.5 ኪሎ ምድብ፣ ቀዳሚ የነበረው ቡልጋሪያዊ በአበረታች መድኃኒት ምክንያት ውጤቱ ሲሰረዝ ወርቁን የወሰደው የምሥራቅ ጀርመኑ ዮአኪም ኩንዝ ያነሳው 340 ነው። ማለትም ናይም ሰባት ኪሎ ተኩል ከፍ ባለው ምድብ ቢገባም በኪሎው የሚቀድመው የሜዳሊያ ባለቤት አልነበረም። የቡልጋሪያ ቡድን ሁለት አንሺዎቹ በምርመራ ከተያዙበት በኋላ ከውድድሩ ወጥቶ አገሩ ተመለሰ።

ቱርክ ከዚያ በፊት የመጨረሻውን የኦሎምፒክ ወርቅ ያገኘችው በ1968 ሜክሲኮ ላይ ነው፤ ማሞ ወልዴ ማራቶንን ባሸነፈበት ውድድር። እስከዚያም ያገኘቻቸው ወርቆች ሁሉ በትግል ስፖርት የመጡ ነበሩ። ስለዚህ ናይም ሲመለስ አንካራ በሕዝብ ተጥለቀለቀች። ከሁሉ በላይ ግን እሱ የፈለገው ነገር ተሳካ፤ ዓለም በቡልጋሪያ ስለሚሆነው ነገር ከአንድ ክብደት አንሺ አንደበት ሰማ። ቤተሰቡም ከሴኡል በኋላ ተለቆ መጣ። በ1989 በጋ ከ300 ሺህ በላይ የቡልጋሪያ ቱርኮች ጓዛቸውን በመኪና ጭነው ድንበር ተሻገሩ። በዚያው ዓመት ኖቬምበር ዢቭኮቭ ከሥልጣን ወረደ፤ ብዙም ሳይቆይ ስም ማስቀየሩ ተሽሮ ሰዎች ስማቸውን መመለስ ጀመሩ። የቡልጋሪያ ፓርላማ ዘመቻውን በይፋ ያወገዘው በ2012 ነው።

ናይም በ22 ዓመቱ በቃኝ ብሎ ነበር፤ አላስቻለውምና በ1991 ተመለሰ። ደራርቱ ቱሉ ታሪክ በሠራችበት በ1992 ባርሴሎና ሁለተኛ ወርቁን ያለ ብዙ ችግር ወሰደ። የሦስተኛው ግን ሌላ ነው። ኃይሌ ገብረ ሥላሴ የአሥር ሺህ ሜትሩን ወርቅ ከመውሰዱ ሳምንት በፊት፣ በጁላይ 1996 አትላንታ ላይ የተደረገው የ64 ኪሎ ውድድር፣ ስፖርቱን የሚያውቁ ሰዎች እስካሁን ሲያወሩት የሚኖሩት ነው።

ተቀናቃኙ ግሪካዊው ቫሌሪዮስ ሊዮኒዲስ ነበር። አዳራሹ በቱርክና በግሪክ ባንዲራ ለሁለት ተከፍሏል፤ ሁለቱ አገሮች በዚያው ዓመት መጀመሪያ በኤጂያን ባሕር በምትገኝ ጭንጫ ደሴት ምክንያት ጦርነት አፋፍ ላይ ደርሰው ነበር። በስናች ናይም 147.5፣ ሊዮኒዲስ 145 አነሱ። በሁለተኛው ክፍል ናይም 185 አነሳና የዓለም ክብረ ወሰን ሰበረ። ሊዮኒዲስ ወጥቶ 187.5 በማንሳት ያንን አፈረሰው። ናይም ተመልሶ ያንኑ 187.5 አነሳ፤ ድምሩ 335 ሆነ። ለግሪካዊው የቀረው መንገድ 190 ብቻ ነበር። ሞከረ፤ አልቻለም። ልዩነታቸው 2.5 ኪሎ፣ ማለትም ናይም በስናች የያዛት ብልጫ ብቻ ሆነች።

ስለ ሊዮኒዲስ ሲነገር ብዙ ጊዜ የሚዘነጋ ነገር አለ። እሱም የተወለደው ግሪክ ውስጥ አይደለም፤ በሶቪየት ኅብረት፣ የሰንቱኪ በምትባል የካውካሰስ ግርጌ ከተማ፣ ከግሪክ ተወላጆች ነው። ሁለቱም ከቅድመ አያቶቻቸው አገር ውጭ እንደ አናሳ ወገን አድገው በኋላ የተመለሱ ሰዎች ናቸው። ያን ምሽት በባንዲራ የተከፋፈለው ሕዝብ ይህን ያስተዋለው አይመስለኝም፤ እነሱ ግን ይግባቡ ነበር። ወዳጅነታቸው እስከ መጨረሻው ዘልቋል፤ ናይም ሲሞት ሊዮኒዲስ ኢስታንቡል ድረስ መጥቶ ቀብሩ ላይ ተገኝቷል።

አራተኛ ወርቅ ፍለጋ በ2000 ሲድኒ ሄደ። ያመለጠባት አውስትራሊያ ናት፤ ዕድሜው 33 ሆኗል። በስናች 145 ኪሎ አስጭኖ ሦስቱንም ሙከራ ሳተ። ውድድሩ እዚያው አበቃ። ከዚያ ወዲያ ፖለቲካ ሞክሮ አልተሳካለትም። በጉበት በሽታ ተሠቃየ፤ በ2017 የጉበት ንቅለ ተከላ ተደርጎለት ነበር፤ ሆኖም በኖቬምበር 18 ቀን በ50 ዓመቱ ዐረፈ።

ናይም ከኮበለለ በኋላ ከዚያው ከካርጃሊ አካባቢ ሌሎችም መጥተዋል። ሃሊል ሙትሉ የናይም አውራጃ ልጅ ነው፤ በ1989 ወደ ቱርክ ገብቶ በአትላንታ፣ በሲድኒና በአቴንስ ሦስት ወርቅ በመውሰድ ከናይም ጋር እኩል ሆነ። ታነር ሳዕር ደግሞ በካርጃሊ የተወለደው በማርች 1985 ነው፤ የስም ማስቀየሩ ዘመቻ መንደሮቹን ባዳረሰበት ክረምት ማብቂያ። በ19 ዓመቱ፣ በ2004 አቴንስ፣ በ77 ኪሎ ምድብ ወርቅ ሲሸለም፣ ሰሌዳው ላይ የተጻፈው የራሱ የቱርክ ስም ነበር።