ሂዩ ካርልተን ግሪን፡- በሁለት አገሮች የተፈተነ የብሮድካስቲንግ ነፃነት

ሰር ሂዩ ካርልተን ግሪን እ.ኤ.አ. ከ1960 እስከ 1969 የብሪታንያ ብሮድካስቲንግ ኮርፖሬሽን (ቢቢሲ) ዋና ዳይሬክተር ሆነው ያገለገሉ ጋዜጠኛና የሥራ መሪ ነበሩ። ከዚያ ቀደም ሲል ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ በሰሜን ምዕራብ ጀርመን የተደራጀውን ሬዲዮ መርተዋል፤ ተቋሙ ከመንግሥትም ሆነ ከፖለቲካ ፓርቲዎች ቁጥጥር ውጪ የሚተዳደርበትን ሥርዓት በመዘርጋትም ዐቢይ ድርሻ ነበራቸው። በጀርመን በሕግ እንዲጻፍ ያደረጉት መርህ ከሃያ ዓመት ገደማ በኋላ በገዛ አገራቸው በአንድ ሕጋዊ ሹመት ለፈተና ቀርቧል። የሥራ ዘመናቸው የሕዝብ ሚዲያን በሚመለከት ዛሬም ድረስ በምሳሌነት የሚነሳው በአብዛኛው በዚህ ምክንያት ነው። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዘመናት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ትውልድና የጋዜጠኝነት ጅማሬ

ግሪን ኖቬምበር 15 ቀን 1910 በደቡብ እንግሊዝ በርክሃምስቴድ በተባለች ከተማ ተወለዱ። አባታቸው የከተማዋ ትምህርት ቤት ርዕሰ መምህር ነበሩ። ታላቅ ወንድማቸው ግራሃም ግሪን በልብ ወለድ ደራሲነታቸው በዓለም ዙሪያ የታወቁ ናቸው። ሂዩ ግሪን የከፍተኛ ትምህርታቸውን በኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ ሜርተን ኮሌጅ ከተከታተሉ በኋላ በ1933 ወደ ጀርመን አቀኑ። ወቅቱ አዶልፍ ሂትለር ሥልጣን የያዘበት ዓመት ነበር።

በ1934 የዴይሊ ቴሌግራፍ ጋዜጣ የበርሊን ቢሮ ባልደረባ ሆኑ፤ በ1938ም የቢሮው ኃላፊነት ተሰጣቸው። በእነዚህ ዓመታት የናዚ መንግሥት ሬዲዮን የፕሮፓጋንዳ ሚኒስቴሩ ዋነኛ መሣሪያ ሲያደርገው በቅርብ ለመመልከት ችለዋል። በሜይ 1939 አንድ የጀርመን ጋዜጠኛ ከለንደን በመባረሩ ምክንያት በተወሰደ የአጸፋ እርምጃ ከበርሊን እንዲወጡ ተደረገ። ከዚያም ወደ ዋርሶ ተዛወሩ። ጀርመን በሴፕቴምበር 1 ቀን 1939 ፖላንድን ስትወር፣ የጋዜጣው ባልደረባ ክሌር ሆሊንግዎርዝ ከድንበር አቅራቢያ ካለችው ከካቶቪሴ ከተማ የወረራውን መጀመር በስልክ ያሳወቁት ዋርሶ ለነበሩት ለግሪን ነበር።

ሽንፈትን ጭምር የሚናገር ሬዲዮ

ግሪን በ1940 የቢቢሲ የጀርመንኛ አገልግሎት ኃላፊ ሆነው ተመደቡ። በወቅቱ በጀርመን ግዛት የውጭ ሬዲዮ ማዳመጥ በሕግ የተከለከለ ሲሆን፣ የሰሙትን ለሌላ ማስተላለፍ እስከ ሞት ሊያስቀጣ ይችል ነበር። ይህን ሁሉ አደጋ ተቋቁሞ የሚያዳምጥ ሰው የሚፈልገው በአገሩ ሬዲዮ የማያገኘውን እውነት በመሆኑ፣ አገልግሎቱ የብሪታንያን ሽንፈት ጭምር ሳይሸሽግ ማሰራጨትን መመሪያው አደረገ። በጦርነቱ የመጀመሪያዎቹ ዓመታት ብሪታንያ በተደጋጋሚ የተሸነፈች ስትሆን ዜናው ይህንኑ ዘግቧል። የጦርነቱ አቅጣጫ ሲለወጥ ደግሞ ያው ሬዲዮ ድልን ሲናገር የሚያምነው አድማጭ አገኘ።

ግሪን የሚመሩት አገልግሎት በአድማጩ ዘንድ እንዴት እንደሚሰማ ለማረጋገጥ በ1942 ወደ ስቶክሆልም ተጉዘዋል። በዚያም ጀርመኖች ሥርጭቱን ለማወክ የሚለቁትን ጩኸት በራሳቸው ጆሮ አዳምጠዋል። ራሳቸውም በጀርመንኛ ቋንቋ በማይክሮፎን ፊት ቀርበው ሐተታ ያሰሙ ነበር።

የሐምቡርጉ ተልዕኮ

ጀርመን ከተሸነፈች በኋላ ብሪታንያ በምትቆጣጠረው ክልል የሚሠራው የሰሜን ምዕራብ ጀርመን ሬዲዮ ማዕከሉን ሐምቡርግ አድርጎ ተደራጀ። ግሪን በ1946 የዚሁ ተቋም ኃላፊ ሆነው ተሾሙ። ከፊታቸው የነበረው ጥያቄ ሬዲዮው ለጀርመናውያን ሲመለስ ለማን ይሰጥ የሚል ነበር። ለመንግሥት መስጠት ቀላሉ አማራጭ ነበር፤ ያለፈው ታሪክ ግን ይህን አይደግፍም። የጀርመን ሬዲዮ ሂትለር ሥልጣን ከመያዙ አንድ ዓመት በፊት በ1932 ሙሉ በሙሉ በመንግሥት ቁጥጥር ሥር እንዲገባ ተደርጎ ስለነበር፣ ናዚዎች በ1933 ሥልጣን ሲይዙ ሬዲዮውን ከነሙሉ አደረጃጀቱ ተረክበውታል።

በዚህ መነሻነት የብሪታንያ ወታደራዊ አስተዳደር ያወጣው 118ኛ ድንጋጌ ከጃንዋሪ 1 ቀን 1948 ጀምሮ ተቋሙን የራሱ ሕጋዊ ሰውነት ያለው የሕዝብ ድርጅት አደረገው። ገቢው ከአድማጮች ከሚሰበሰብ ክፍያ እንዲሆን ተወሰነ። የአስተዳደር ምክር ቤቱ ከልዩ ልዩ የኅብረተሰብ ክፍሎች በተውጣጣ ኮሚቴ እንዲመረጥ፣ ዋና ዳይሬክተሩን ደግሞ ምክር ቤቱ እንዲሾም ተደነገገ። የድንጋጌው ዓላማ የትኛውም ሚኒስትር ወይም ፓርቲ ብቻውን ዋና ዳይሬክተሩን ለመሾምም ሆነ ለመሻር እንዳይችል ማድረግ ነበር።

አደረጃጀቱ በጀርመን ፖለቲከኞች ዘንድ ቅሬታ አስነስቷል። በሕዝብ የተመረጡት እነርሱ ሆነው ሳለ በሕዝብ ሬዲዮ ላይ ሥልጣን አለማግኘታቸውን ለመቀበል ተቸግረው ነበር። የሐምቡርግ ከንቲባ የነበሩት ማክስ ብራወር በስንብቱ ወቅት የግሪን ጥረት እንደማይሳካ በግልጽ እንደነገሯቸው ይወሳል። ግሪን በኖቬምበር 1948 ኃላፊነቱን ለመጀመሪያው ጀርመናዊ ዋና ዳይሬክተር ለአዶልፍ ግሪመ አስረከቡ።

የከንቲባው ግምት በከፊል ትክክል ሆኖ ተገኝቷል። ተቋሙ ከ1956 ጀምሮ ለሁለት ተከፍሎ መቀመጫቸውን በሐምቡርግና በኮሎኝ ያደረጉ ድርጅቶች ሲሆን፣ በአዲሶቹ ምክር ቤቶች ውስጥ የፓርቲዎች ውክልና ጎላ ብሎ ታየ። ይሁንና መሠረታዊው መርህ አልፈረሰም። መራሔ መንግሥት ኮንራድ አደናወር በፌዴራል መንግሥቱ የሚመራ የቴሌቪዥን ጣቢያ ለማቋቋም ያደረጉትን ሙከራ የፌዴራሉ ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤት በፌብሩዋሪ 28 ቀን 1961 ውድቅ አድርጎታል። ፍርድ ቤቱ በውሳኔው ብሮድካስቲንግ በመንግሥትም ሆነ በአንድ የኅብረተሰብ ቡድን ብቸኛ ቁጥጥር ሥር ሊወድቅ እንደማይገባ አስገንዝቧል።

ወደ ዋና ዳይሬክተርነት

ግሪን ወደ ለንደን ከተመለሱ በኋላ የቢቢሲን የምሥራቅ አውሮፓ አገልግሎት መርተዋል። ከ1950 እስከ 1951 በማላያ የኮሚኒስት ሽምቅ ተዋጊዎችን ለመቋቋም የተቋቋመውን የማስታወቂያ አገልግሎት በኃላፊነት ይዘዋል፤ በ1955ም በሮዴዥያና ኒያሳላንድ ፌዴሬሽን የብሮድካስቲንግን የወደፊት አደረጃጀት ያጠናውን ኮሚሽን መርተዋል። በቢቢሲ ውስጥ በ1956 የአስተዳደር፣ በ1958 ደግሞ የዜናና ወቅታዊ ጉዳዮች ዳይሬክተር ሆኑ። በጃንዋሪ 1960 ከሰር ኢያን ጄኮብ ተረክበው ዋና ዳይሬክተር ሆኑ።

በወቅቱ ቢቢሲ አስቸጋሪ ሁኔታ ውስጥ ነበር። በሴፕቴምበር 1955 ሥራ የጀመረው የንግድ ቴሌቪዥን አብዛኛውን ተመልካች ወስዶበታል። ግሪን ለዚህ የሰጡት ምላሽ ለወጣት አዘጋጆች ሰፊ ነፃነት መስጠት ነበር። በ1962 ይፋ የሆነው የፒልኪንግተን ኮሚቴ ሪፖርት ቢቢሲን በማድነቅ ሦስተኛው የቴሌቪዥን ሥርጭት ለዚሁ ድርጅት እንዲሰጥ አሳሰበ። በዚሁ መሠረት ቢቢሲ ሁለት በኤፕሪል 1964 ሥራ ጀመረ፤ በጁላይ 1967ም የቀለም ቴሌቪዥን ሥርጭት አስጀመረ። በዚያው ዓመት ሴፕቴምበር መጨረሻ የሬዲዮ ክፍሉ በአራት ጣቢያዎች እንደገና ተደራጀ።

የነፃነቱ ስፋትና ወሰን

በኖቬምበር 1962 የጀመረው «ዛት ዎዝ ዘ ዊክ ዛት ዎዝ» የተባለው ሳምንታዊ የስላቅ ዝግጅት ሚኒስትሮችን፣ የሃይማኖት መሪዎችንና የፓርላማ አባላትን በስማቸው እየጠራ የሚያሽሟጥጥ ነበር። ጠቅላይ ሚኒስትር ሃሮልድ ማክሚላን የዝግጅቱ ዋነኛ ዒላማ ቢሆኑም፣ የብሮድካስቲንግ ጉዳይ ኃላፊ የነበሩት የፖስታ ሚኒስትር ሳያማክሯቸው አንዳችም እርምጃ እንዳይወስዱ በጽሑፍ አሳስበዋቸዋል። ዝግጅቱን በ1963 መጨረሻ እንዲቋረጥ ያደረጉት ራሳቸው ግሪን ናቸው። ምክንያቱም 1964 የምርጫ ዓመት መሆኑ ነው ተብሏል።

በኖቬምበር 1966 የቀረበውና በኬን ሎች የተዘጋጀው «ካቲ ካም ሆም» የተሰኘ ድራማ መኖሪያ ያጣ ቤተሰብ በማኅበራዊ አገልግሎት መሥሪያ ቤቶች እጅ እንዴት እንደሚበተን በማሳየቱ አገር አቀፍ ክርክር አስነሳ። በሌላ በኩል ሜሪ ኋይትሃውስ የተባሉ መምህርት በ1964 ቴሌቪዥን ከብልግና ይጽዳ የሚል ንቅናቄ በመጀመር ግሪንን በግንባር ቀደምነት ወቀሱ። ግሪን ለንቅናቄው በራቸውን አልከፈቱም፤ ይህም የሕዝብን ገንዘብ የሚያስተዳድር ኃላፊ ከፋዩን የማዳመጥ ግዴታ የለበትምን የሚል ተገቢ ጥያቄ አስከትሏል።

ግሪን አመለካከታቸውን በፌብሩዋሪ 1965 በሮም ባሰሙት ንግግር አብራርተዋል። የሕዝብ ብሮድካስቲንግ በፖለቲካ ውዝግቦች ሚዛናዊ መሆን ቢኖርበትም፣ በእውነትና በሐሰት እንዲሁም በመቻቻልና በዘር ጥላቻ መካከል ግን ገለልተኛ ሊሆን እንደማይችል አስረድተዋል።

ይህ አቋም የተፈተነው በዚያው ዓመት ነበር። ፒተር ዋትኪንስ «ዘ ዋር ጌም» በሚል ርዕስ ያዘጋጀው ፊልም ብሪታንያ በኒውክሌር ጦር መሣሪያ ብትመታ ሊደርስ የሚችለውን እልቂት የሚያሳይ ነው። የቢቢሲ የገዥዎች ቦርድ ሊቀመንበር የነበሩት ሎርድ ኖርማንብሩክ ቀደም ሲል ለረጅም ዓመታት የካቢኔ ጸሐፊ ሆነው ያገለገሉ ሲሆኑ፣ ፊልሙን ለከፍተኛ የመንግሥት ባለሥልጣናት እንዲታይ አደረጉ። በኖቬምበር 1965 ቢቢሲ ፊልሙ ለቴሌቪዥን ከመጠን በላይ አሰቃቂ በመሆኑ እንደማይተላለፍ ገለጸ፤ ውሳኔውም የራሱ ብቻ መሆኑን አስታወቀ። ፊልሙ በሲኒማ ቤቶች ታይቶ የኦስካር ሽልማት ያገኘ ሲሆን፣ በቢቢሲ ቴሌቪዥን የቀረበው በ1985 ነው። ኋላ ይፋ የሆኑት ሰነዶች ባለሥልጣናቱ አስቀድመው መማከራቸውን ስላረጋገጡ፣ ውሳኔው የቢቢሲ ብቻ ነበር የሚለው መግለጫ እስከ ዛሬ ያከራክራል።

የአንድ ሹመት ክብደት

በቢቢሲ ቻርተር መሠረት የቦርዱን አባላት የምትሾመው በጠቅላይ ሚኒስትሩ አቅራቢነት ንግሥቲቱ ነበረች። ሎርድ ኖርማንብሩክ በጁን 1967 ሲያርፉ፣ ከቢቢሲ ጋር የነበራቸው ግንኙነት የሻከረው ጠቅላይ ሚኒስትር ሃሮልድ ዊልሰን በሊቀመንበርነት ያቀረቡት ሎርድ ሂልን ነበር። ሎርድ ሂል እስከዚያ ጊዜ ድረስ ተፎካካሪውን የንግድ ቴሌቪዥን የሚቆጣጠረው ባለሥልጣን ሊቀመንበር ሲሆኑ፣ ቀደም ሲልም በወግ አጥባቂዎች መንግሥት የፖስታ ሚኒስትር ነበሩ።

ሹመቱ አንድም የቻርተሩን አንቀጽ አልጣሰም። ነገር ግን በቢቢሲ ውስጥ የተወሰደው ግሪንን ለመግታት እንደታቀደ እርምጃ ተደርጎ ነው። ከዚያ በፊት የነበሩት ሊቀመናብርት የዕለት ተዕለቱን ሥራ ለዋና ዳይሬክተሩ ትተው ከውጭ የሚመጣውን ጫና ይከላከሉ ነበር። በሎርድ ሂል ዘመን ቦርዱ በፖሊሲና በአመራር ጉዳዮች ይበልጥ ገብቶ መወሰን ጀመረ። ግሪን ወዲያውኑ ባይለቁም፣ በጁላይ 1968 ከኃላፊነት እንደሚነሱ ተገለጸ፤ በ1969 ጸደይም ቦታቸውን ለቻርልስ ከራን አስረከቡ። በዚያው ዓመት የቦርዱ አባል ሆነው የተሾሙ ሲሆን፣ ከቀድሞ ዋና ዳይሬክተሮች መካከል እንዲህ ያለ ሹመት ያገኙ የመጀመሪያው ሰው ናቸው። በ1971 ከቦርዱ ወጡ።

የመጨረሻዎቹ ዓመታት

ግሪን ከ1967 እስከ 1974 ግሪክን የገዛውን ወታደራዊ መንግሥት በመቃወም በተካሄደው ዓለም አቀፍ እንቅስቃሴ ተሳትፈዋል። አገሪቱ ወደ ሲቪል አስተዳደር ከተመለሰች በኋላ የጠቅላይ ሚኒስትር ኮንስታንቲን ካራማንሊስ መንግሥት የግሪክ ሬዲዮና ቴሌቪዥን እንዴት መደራጀት እንደሚገባው ጥናት እንዲያቀርቡ ጋበዛቸው። በ1975 የወጣው ሕግ አዲሱን የግሪክ ብሮድካስቲንግ ድርጅት ቢያቋቁምም፣ ድርጅቱን ከመንግሥት ለማራቅ ያቀረቧቸውን ሐሳቦች ሙሉ በሙሉ አልተቀበለም። ሰር ሂዩ ግሪን በፌብሩዋሪ 19 ቀን 1987 በ76 ዓመታቸው ለንደን ውስጥ አረፉ።

በሥራ ዘመናቸው የነበረው የቢቢሲ የገዥዎች ቦርድ በ2007 በሌላ አካል የተተካ ሲሆን፣ ከ2017 ጀምሮ ደግሞ ድርጅቱ በአንድ የሥራ አመራር ቦርድ እንዲመራና በውጭ ተቆጣጣሪ እንዲታይ ተደርጓል። የቦርዱ ሊቀመንበር ግን አሁንም የሚሾመው በመንግሥት አቅራቢነት ነው። በሐምቡርግ የሰሜን ጀርመን ሬዲዮ የቴሌቪዥን ማዕከል የሚገኝበት መንገድ ደግሞ በሂዩ ግሪን ስም ተሰይሟል። አገር አቀፉ የጀርመን የምሽት ዜናም የሚሰናዳው በዚሁ መንገድ በሚገኘው ማዕከል ነው።