የጠራ ምስል፣ የታመነ ምስል

የቤት ውስጥ ሲኒማ ታሪክ ሲተረክ ብዙ ጊዜ የቁጥር ታሪክ ሆኖ ይቀራል። እ.ኤ.አ. በ2006 ብሉ ሬይ ዲስክ 1920 በ1080 ነጥብ ያለው ምስል ይዞ ገበያ ገባ፤ በ2008 ተፎካካሪው ኤችዲ ዲቪዲ ተሸንፎ ከሜዳ ወጣ። እኔ ግን ዲስክ ስመዝን የማስቀድመው ጥያቄ ሌላ ነው። ይህ ምስል ምን ያህል ጠራ? ሳይሆን፣ ለተቀዳበት ፊልም ምን ያህል ታመነ? እላለሁ።

በፊልም ላይ ብርሃንን የሚቀበሉት ጥቃቅን የብር ጨው ቅንጣቶች ናቸው። በመጋረጃው ላይ በስሱ ሲርመሰመስ የምናየው የእነርሱ አሻራ ነው። የፊት መጨማደድ፣ የልብስ ድርና ማግ፣ የአቧራ ብናኝ፣ ሁሉም በዚያ አሻራ ተጽፏል። ይህን እንደ ጉድፍ የቆጠሩ አታሚዎች ግን በኮምፒዩተር ይጠርጉት ጀመር። የ1987ቱ «ፕሬዳተር» በ2010 ዳግም በብሉ ሬይ ሲታተም የተዋንያኑ ፊት ከሰም የተቀረጸ መሰለ። በ1970 በሰፊ ፊልም ተቀርጾ የቀረበው «ፓተን»ም በ2008 እትሙ ይኸው ዕጣ ደረሰው፤ ተመልካቾች አቤት አሉ፤ በ2012 በአዲስ ቅጂ ታተመ። ሲኩሉ ዓይን ማጥፋት ይሏል ይህ ነው።

የእንቅስቃሴውም ነገር ከዚህ አይለይም። ድምፅ ከፊልም ጋር በተጣመረበት በ1920ዎቹ መጨረሻ ፍጥነቱ በሴኮንድ 24 ምስል ሆኖ ጸና። ቴሌቪዥን ግን ይህን ልክ አልጠበቀም። ኢትዮጵያም የተከተለችው የፓል ሥርዓት ፊልሙን በ25 ያስሮጠው ስለነበር፣ የ2 ሰዓቱ ፊልም 5 ደቂቃ ያህል ያጥር ነበር። የአሜሪካው ደግሞ አንዱን ምስል 2 ጊዜ፣ ተከታዩን 3 ጊዜ እየደገመ እንቅስቃሴውን ያነክሰው ነበር። ብሉ ሬይ 24ቱን እንዳሉ መያዝ ቻለ። ምን ያደርጋል! አዳዲሶቹ ቴሌቪዥኖች በምስልና በምስል መካከል ማንም ያልቀረጸውን ምስል ፈጥረው መሰካት ጀመሩ፤ ታላቁ ፊልም የዜና ሥርጭት መሰለ። ተዋናዩ ቶም ክሩዝ በ2018 ሕዝቡ ይህን ቅንብር እንዲያጠፋ በይፋ ተማጸነ፤ በ2019 ደግሞ ይህን የሚያስቀር «የፊልም ሠሪ» የተሰኘ የቴሌቪዥን ቅንብር ይፋ ሆነ።

ስለዚህ ሁለት ነገር እመለከታለሁ፤ በቅርብ የተቀረጸን ፊት ቆዳ፣ እና ካሜራው ቀስ ብሎ ሲዞር የአድማሱን አካሄድ። ቆዳው ቆዳ ካልሆነ፣ አድማሱም እንደ ዘይት ከተንሸራተተ፣ ቁጥሩ ቢበዛ ለእኔ ዋጋ የለውም።

ይህ የምርጫ ጉዳይ ብቻ አይደለም፣ ውድ አንባቢ። ፊልሙን በአዳራሽ ያየ ትውልድ ያልፋል፤ ለተከታዩ የሚቀርለት ይህ ቅጂ ነው። ገልባጩ የማይወደውን ቃል እየፋቀ ያሳመረውን መጽሐፍ የደራሲው ነው ብለን ልናወርስ እንችላለን?