የጥልቁ ባሕረ ሐሳብ

ከባሕር በታች ስለሚኖር ሕዝብ በሚተረኩ ልብ ወለዶች ቤተ መንግሥቱ፣ ንጉሡና የጦር መሣሪያው በዝርዝር ይነገራል። ዘመን መለወጫው መቼ እንደሚውል ግን ብዙ ጊዜ አይነሣም። ጥያቄው የዋዛ አይደለም። ከ1,000 ሜትር በታች የፀሐይ ብርሃን አይደርስም፤ ቀኑ ከሌሊቱ አይለይም፣ ውኃውም በጋ ከክረምት እንደቀዘቀዘ ነው። እዚያ ሆኖ ዓመት መቁጠር ይቻላል ወይ? የባሕር ሳይንስ ታሪክ እንደሚያሳየው ይቻላል። የመሬትን ዕለታት ከመዘገቡ ጥንታዊ ማስረጃዎች አንዱም የተጻፈው በባሕር ውስጥ ነው።

መነሻዋ ጨረቃ ናት። የባሕር ሙላትና ጉድለት የዳርቻ ጉዳይ ይመስለናል እንጂ፣ የጨረቃ ስበት ውኃውን የሚያንቀሳቅሰው ከላይ እስከ ታች ነው። በአትላንቲክ ውቅያኖስ መካከል፣ 1,700 ሜትር ገደማ ጥልቀት ላይ፣ ለኪ ስትራይክ የተባለ ፍል ውኃ የሚወጣበት ቦታ አለ። እዚያ የሚኖሩ ባለ ሁለት ክፍል ቅርፊት እንስሳት የሙላትና ጉድለቱን ዑደት ተከትለው ቅርፊታቸውን እንደሚከፍቱና እንደሚዘጉ በ2020 እ.ኤ.አ. የታተመ ጥናት አሳይቷል። ዑደቱ 12 ሰዓት ከ25 ደቂቃ ገደማ ነው። ፀሐይን ለማያውቅ ሕዝብ ዕለቱ ይህ ይሆናል። ሙላቱ ጨረቃ ስትወለድና ሙሉ ስትሆን ስለሚበረታ፣ ጨረቃን በዓይኑ አይቷት ባያውቅም ወሯን መቁጠር አያቅተውም።

ዓመቱ ይከብዳል። የጥልቁ ወለል ወቅት የለውም የሚለው አስተሳሰብ ለረጅም ጊዜ ጸንቶ ቆይቶ ነበር። በ1983 እ.ኤ.አ. የእንግሊዝ ተመራማሪዎች ከአየርላንድ ደቡብ ምዕራብ ካለው ባሕር ያመጡት ማስረጃ ይህን አናጋው። በጸደይ በውኃው ገጽ ላይ የሚፈሉት ደቂቅ አልጌዎች ሲሞቱ ይሰምጣሉ፤ በሳምንታት ውስጥም ከሺህ ሜትሮች በታች ይደርሳሉ። ወለሉ ላይ ቆሞ በየጊዜው ፎቶግራፍ የሚያነሣ ካሜራ ሁኔታውን ቀርጾታል፦ ገርጣ ያለው ጭቃ ቀስ በቀስ አረንጓዴ ብናኝ ይለብሳል፣ ጎድጓዳው ይሞላል፣ ከዚያም እንስሳቱ እየለቀሙ ይበሉትና ወለሉ እንደገና ይራቆታል።

የዚህን ምናባዊ ሕዝብ ቀመር የምነድፈው እኔ ብሆን፣ እንቁጣጣሻቸውን የማውለው በዚህ ብናኝ መውረጃ ላይ ነው። ችግር አለበት፤ ከላይ ያለው አየር እንደሰጠው ብናኙ አንዳንድ ዓመት ይቀድማል፣ አንዳንድ ዓመት ይዘገያል። ስለዚህ ቆጣሪዎቻቸው የብዙ ዓመት መዝገብ ይዘው ማነጻጸር ሊኖርባቸው ነው። በአንድ ዓመት ውስጥ 705 ገደማ የሙላት ዑደት ያገኛሉ። የጨረቃን ወር 12 ጊዜ ቢደምሩት 11 ቀን ያህል ይጎድላቸዋል፣ 13 ጊዜ ቢደምሩት ደግሞ ያልፋቸዋል። ትዕግሥት ካላቸው ግን የሊቃውንቶቻችን ባሕረ ሐሳብ ንዑስ ቀመር ወደሚለው ቁጥር መድረሳቸው አይቀርም፦ 19 ዓመት ከ235 የጨረቃ ወራት ጋር ሊገጥም የሚቀረው የሁለት ሰዓት ያህል ልዩነት ብቻ ነው። ሰማይን አይቶ የማያውቅ ሕዝብ ከአክሱምና ከእስክንድርያ ቀማሪዎች ጋር በአንድ ቁጥር ላይ መገናኘቱ ለእኔ የዚህ ሐሳብ ትልቁ ደስታ ነው።

የዚህ ሕዝብ አቆጣጠር ምናብ ነው። እውነተኛውን መዝገብ ያነበበው የኮርኔል ዩኒቨርሲቲው የቅሪተ አካል ተመራማሪ ጆን ዌልስ ነው። ኮራል ሲያድግ ከኖራ የሚሠራው አካሉ ላይ በየቀኑ ፀጉር የሚያህል አንድ ስስ መስመር ይጨምራል፤ የወቅቶች መለዋወጥም ሰፋ ያለ ምልክት ይተውበታል። ዌልስ በሁለት የዓመት ምልክቶች መካከል ያሉትን መስመሮች በማጉያ መነጽር እየተከተለ ቆጠረ። በዘመናችን ኮራል ላይ 360 ያህል አገኘ፤ ይህ የሚጠበቅ ነበር። ከ370 ሚሊዮን ዓመት በላይ ዕድሜ ባላቸው፣ ዴቮኒያን በተባለው ዘመን በኖሩ ኮራሎች ላይ ግን ቁጥሩ ከ385 እስከ 410 ወጣ። ውጤቱን በ1963 እ.ኤ.አ. አሳተመ፦ የያኔው ዓመት 400 ያህል ቀናት ነበሩት።

ዓመቱ አልረዘመም። መሬት ፀሐይን የምትዞርበት ጊዜ ያው ሆኖ፣ በራሷ ዛቢያ ላይ የምትሽከረከረው ፈጥና ነበር፤ አንዱ ቀን 22 ሰዓት ገደማ ነበረ ማለት ነው። ምክንያቱን ፈላስፋው አማኑኤል ካንት በ1754 እ.ኤ.አ. በኮኒግስበርግ በሚወጣ ሳምንታዊ ጋዜጣ ላይ ጽፎት ነበር፦ የባሕር ሙላትና ጉድለት በሚፈጥረው ፍትጊያ የመሬትን ሽክርክሪት ይገታል። መሬት ስትዘገይ ጨረቃ ትርቃለች፤ ከ1969 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ጠፈርተኞች በጨረቃ ላይ ባኖሯቸው የብርሃን አንጸባራቂዎች ሲለካ ርቀቱ በዓመት 3.8 ሳንቲሜትር ይጨምራል።

ከዌልስ ብዙም ሳይቆይ እንግሊዛዊው ኮሊን ስክረተን በዚያው በዴቮኒያን ዘመን ኮራሎች ላይ የወር ምልክት አገኘ። በአማካይ 30.6 መስመሮች አንድ ጥቅል ይሠራሉ፣ በዓመትም 13 ጥቅል ይሞላሉ። የእኛ ጳጉሜን 5 ወይም 6 ቀን የያዘች ትርፍ ናት፤ የኮራሉ 13ኛ ወር ግን ሙሉ የጨረቃ ወር ነበር። ኮራል መስመሩን አንድም ቀን ሳያስታጉል ስለማይጽፍ እነዚህን ቁጥሮች እስከ መጨረሻዋ ዕለት ማመን አይገባም። አቅጣጫቸው ግን ትክክል ነው፤ በአውስትራሊያ የተጠኑ፣ ሙላትና ጉድለት ያነባበራቸው ጥንታዊ የደለል ድንጋዮችም የሚመሰክሩት ያንኑ ነው።

የዌልስና የስክረተን ኮራሎች ብርሃን በሚደርስበት ጥልቀት የኖሩ ነበሩ። ከዚያ በታች ደግሞ ጥቁር ኮራል አለ። በሃዋይ አካባቢ ከ400 ሜትር በታች የተገኘ አንድ ጥቁር ኮራል በካርቦን ሲለካ 4,265 ዓመት ያህል እንደኖረ በ2009 እ.ኤ.አ. ተዘግቧል። በዓመት የሚጨምረው ውፍረት ከሚሊሜትር አንድ መቶኛ ያንሳል። ማደግ የጀመረውም የአክሱም መንግሥት ከመመሥረቱ ከ2,000 ዓመታት በላይ ቀድሞ ነው።