የዒድ ዳቦና የኮረሪማው መንገድ



ዒድ በተቃረበ ቁጥር በእኛ በገላን ኮንዶሚኒየም እህቶች መካከል አንድ ጥያቄ ይነሳል፦ «ዳቦውን ቤት እንጋግረው ወይስ እንግዛው?» ቤቱ ጠባብ ነው፤ መብራት ሳይታሰብ ይጠፋል፤ ጠዋት ለዒድ ሶላት መድረስ አለ። መግዛቱ ነውር የለበትም። አንዳንድ ወጣቶች ግን ከዚህ አልፈው «ይህ ኮረሪማና ዘቢብ ያለበት ዳቦ መቼ የእኛ ሆነና? የጎረቤት ልማድ ነው» ሲሉ እንሰማለን። ይህን ጽሑፍ ያዘጋጀነው በዚህ ምክንያት ነው። ሊጡ ውስጥ የሚገባውን አንድ በአንድ ብናየው የአባቶቻችንን ታሪክ እናገኝበታለንና።

ከስሞቹ እንጀምር። ዝንጅብል በዐረብኛ ዘንጀቢል ነው፤ በሱረቱል ኢንሳን የጀነት ሰዎች መጠጥ የሚቀላቀልበት ተብሎ ተወስቷል። ቀረፋ ቂርፋ ነው፤ ቅርንፉድ ቀረንፉል ነው፤ ሄልም እንዲሁ ሄል ነው። ዘቢብን ደግሞ ሁለቱም ቋንቋዎች በአንድ ስም ይጠሩታል። ቅርንፉድ መነሻው ዛሬ ኢንዶኔዥያ በምንላት አገር የሚገኙት የማሉኩ ደሴቶች ናቸው። ሄል የደቡብ ሕንድ፣ ምርጡ ቀረፋ የሲሪላንካ ነው። እነዚህ ሁሉ በመርከብ ቀይ ባሕርንና የኤደን ባሕረ ሰላጤን አቋርጠው በምጽዋ፣ በታጁራና በዘይላ በኩል ገቡ። ከወደቡ ወደ መሀል አገር ያደረሷቸው የግመልና የበቅሎ ሲራራ ነጋዴዎች ሲሆኑ አብዛኞቹ ሙስሊሞች ነበሩ። ዕቃው ሲገባ ስሙም አብሮ ገባ።

ኮረሪማ ግን የመጣው ከባሕር ማዶ አይደለም፤ የራሳችን ነው። የበቀለው በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ጫካ፣ በከፋና በጅማ ምድር ነው። መንገዱም የተገላቢጦሽ ነበር፤ ከእኛ ወደ ውጭ። እንግሊዛዊው ተጓዥ ቻርልስ ቤክ በ1840ዎቹ መጀመሪያ (እ.ኤ.አ.) ጎጃም በነበረበት ጊዜ ኮረሪማ በባሶ ገበያ ሲሸጥ አግኝቷል። ከዓባይ ማዶ መጥቶ በባሶ ይሸጣል፤ ከዚያ ወደ ምጽዋ ይወርዳል፤ ከምጽዋም ወደ ዐረብ አገርና ወደ ሕንድ ይጫናል። ሄል ወደሚበቅልባት ሕንድ ሳይቀር የእኛ ኮረሪማ ይሄድ ነበር ማለት ነው። ዐረቦቹም «የሐበሻ ሄል» ብለው ሰየሙት።

በዚህ መንገድ ላይ የነበሩት እነማን ናቸው? በሰሜኑ መስመር ጀበርቲዎች፣ በሸዋና በይፋት በኩል አርጎባዎችና ወርጂዎች፣ በምሥራቅ ሐረሪዎች። ከአንኮበር በታች ያለችው አልዩ አምባ በ19ኛው ክፍለ ዘመን ከታጁራ የሚመጣው ቅፍለት የሚራገፍባት የሙስሊም ነጋዴዎች ከተማ ነበረች። በጅማም የሂርማታ ገበያ በአባ ጅፋር ቤት ዘመን ከየአቅጣጫው ነጋዴ ይስብ ነበር።

ለምን ንግድ ላይ በረከቱ? አንዱ ምክንያት ሌላው በር የተዘጋባቸው መሆኑ ነው። በክርስቲያን ነገሥታቱ ግዛት ሙስሊሙ በአብዛኛው የርስት መሬት አልነበረውም። በ1668 (እ.ኤ.አ.) በአጼ ዮሐንስ ቀዳማዊ ዘመን ጎንደር ላይ የተቀመጠው ጉባኤ ሙስሊሞች ከክርስቲያኖች ተለይተው በራሳቸው ሰፈር እንዲኖሩ ወሰነ። መሬት ያጣ ሰው እጁን ወደ ሸማ ሥራና ወደ ንግድ አዞረ። ይህን የምናነሳው ቂም ለመቀስቀስ አይደለም። ዛሬ ከመርካቶ በጥቂት ብር የምንገዛው ቅመም ምን ያህል ድካም እንዳለበት ለማወቅ ነው።

ወደ ቅርቡ ዘመን ስንመጣ፣ እስከ 1966 ዓ.ም. ድረስ ዒድ በአገራችን የመንግሥት በዓል አልነበረም። ሠራተኛው ቢሮው፣ ተማሪው ትምህርት ቤቱ ይጠበቅ ነበር። ሚያዝያ 12 ቀን 1966 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ሙስሊሞች መብታቸው እንዲከበር ሰላማዊ ሰልፍ ወጡ፤ ክርስቲያን ወገኖችም አብረዋቸው ነበሩ። የሰልፈኛው ቁጥር 100,000 ገደማ ይገመታል። በ1967 ዓ.ም. ዒድ አል-ፈጥር፣ ዒድ አል-አድሓና መውሊድ የሕዝብ በዓል ሆነው ታወጁ። እስከዚያ ቀን ድረስ ዒድን በዓል ያደረገው ምን ነበር? መስጂዱና ቤቱ ነው። ካላንደሩ ዝም ሲል ልጆች በዓል መሆኑን የሚያውቁት ከአባታቸው ተክቢራ፣ ከእናታቸው ቡኮ ነበር።

«የእኛ አይደለም» ለሚሉት ወንድሞች ከዲን አንጻር ሁለት ነገር እንበል። አንደኛ፣ ምግብ የልማድ ጉዳይ ነው፤ በልማድ ነገሮች ደግሞ መከልከያ ማስረጃ እስካልመጣ ድረስ መሠረቱ ፍቁድነት ነው። ማንም ዳቦውን ዒባዳ ነው አላለም። ሁለተኛ፣ አቡ ሰዒድ አል-ኹድሪ (ረ.ዐ.) ባስተላለፉትና ቡኻሪና ሙስሊም በዘገቡት ሐዲስ፣ በነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ዘመን ለዘካተል ፊጥር ከሚሰጡት መካከል ገብስ፣ ተምርና ዘቢብ ይገኙበታል። ዘቢብ በዒድ ዋዜማ ከሙስሊም እጅ ወደ ድሃ እጅ መሻገር የጀመረው ያኔ ነው። ጎረቤታችን የምትደፋው ድፎ ዳቦም የዚያው ነጋዴ ኮረሪማ አለበት። አንድ ቅመም በሁለት ቤት መሽተቱ የማንንም ዲን አያጎድልም።

የሚያሳስበን ሌላ ነገር ነው። ይህ ታሪክ በመጽሐፍ አልተጻፈም፤ በእናቶች እጅ ነው ያለው። ኮረሪማው ልጣጩ ተፈልፍሎ ፍሬው ብቻ እንደሚወቀጥ፣ ለ1 ኪሎ ዱቄት አንድ የሻይ ማንኪያ እንደሚበቃ፣ ጥቁር አዝሙዱ ሳይፈጭ እንደሚገባ፣ ዘቢቡ ለብ ባለ ውሃ ታጥቦ በመጨረሻ እንደሚታሽ፣ ሊጡ ኩፍ ሳይል ምጣድ እንደማይነካ፣ ይህን ሁሉ የሚያውቁት እነሱ ናቸው። በሰፈራችን የወሎዋ እናት፣ የስልጤዋ፣ የጅማዋና የሐረሯ በአንድ ደረጃ ይወጣሉ ይወርዳሉ። እያንዳንዳቸው የየአገራቸውን አያያዝ ያውቃሉ። ልጆቻቸው ግን አብዛኞቹ ጠይቀው አያውቁም። አንዲት እናት ወደ አኼራ ስትሄድ መጠኑም፣ ምክንያቱም አብሯት ይሄዳል።

ስለዚህ ለመጪው ዒድ የምንጠይቀው ቀላል ነው። ቤት ጠበበን የምትሉ፣ ሦስትና አራት ሆናችሁ በአንድ ምጣድ ተራ ግቡ፤ ኮሚናል ቤቱም አለ። ወጣቶች ደግሞ ከእናቶቻችሁ አጠገብ ቁጭ ብላችሁ መጠኑን፣ ከማን እንደተማሩትና በየት አገር እንደሆነ በስልካችሁ ቅረጹ ወይም ጻፉ። ከተጋገረው የመጀመሪያው ቁራሽ ለሌለው ቤት ይሂድ፤ ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ.) ወጥ ስንሠራ እንኳ መረቁን አብዝተን ጎረቤትን እንድናስብ አዘዋልና።

አላህ ያለፉትን እናቶቻችንንና አባቶቻችንን ይማርልን፤ በሕይወት ያሉትን ዕድሜያቸውን ያርዝምልን። አሚን። ወላሁ አዕለም።