የዋዱ መንገዶች፦ ደጋውን ከቆላ ያገናኘው የወላይታ ዕቅድ

ከዳሞታ ተራራ ትከሻ ላይ ቆሞ ወደ ደቡብ ምሥራቅ የሚያይ ሰው የወላይታን የመንገድ ታሪክ ግማሹን ያለ መጽሐፍ ይረዳዋል። ከእግሩ ሥር ሶዶ ከተማ ቁልቁለቱን ይዛ ተዘርግታለች። ዙሪያዋን እንሰት፣ ጎደሬና በቆሎ የሞላባቸው ጓሮዎች አጥር ለአጥር ተያይዘዋል። ሰማዩ ጠራ ባለ ቀን ደግሞ ራቅ ብሎ የአባያ ሐይቅ ይታያል። ከተራራው ጫፍ እስከ ሐይቁ ዳርቻ ያለው ቁልቁለት ከ1,500 ሜትር ይበልጣል። ደጋው መሬት ጠቦት አባት ለልጁ የሚያካፍለው ጥማድ ያጣበት ሲሆን፣ ቆላው ደግሞ ሰው በወባ ፍራቻ ለረጅም ዘመን የሸሸው ለም ሜዳ ነበር። ሁለቱን ለማገናኘት የተሞከረው ነገር በአገራችን የልማት ዕቅድ ታሪክ ከሚገባው በታች ይወራለታል።

ወደዚያ ከመድረሳችን በፊት ግን ሶዶ ራሷ እንዴት መጣች? የወላይታው ንጉሥ የካዎ ጦና መንግሥት በ1887 ዓ.ም. በዳግማዊ ምኒልክ ጦር ከወደቀ በኋላ በዳሞታ ግርጌ የተተከለው ሰፈር እያደር ከተማ ሆነ። ከተማዋ የወታደርና የአስተዳደር መቀመጫ ስለነበረች መንገዶቿም በመጀመሪያ የተጠረጉት ለጦርና ለትእዛዝ እንጂ ለገበያ አልነበረም። በጣሊያን ወረራ ጊዜም ቢሆን ሶዶ የጦር ማዘዣ ነበረች፤ ግንቦት 14 ቀን 1933 ዓ.ም. ከነጄኔራሎቿ በእንግሊዝ ጦር እጅ ወደቀች።

ከነፃነት በኋላ የመንገድ ሥራ ተቋማዊ መልክ ያዘ። በመስከረም 1943 ዓ.ም. ዓለም ባንክ ለኢትዮጵያ አውራ ጎዳናዎች 5 ሚሊዮን ዶላር አበደረ። ባንኩ ለአፍሪካ ከሰጣቸው ብድሮች ከመጀመሪያዎቹ አንዱ ነው። በዚያው ዓመት የንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት የአውራ ጎዳና ባለሥልጣን ተቋቋመ። ዓላማው ግልጽ ነበር፤ አዲስ አበባን ከጠቅላይ ግዛቶች ጋር ማገናኘት። ከዋናው መንገድ ሁለት ሰዓት በእግር ርቆ የሚኖረው ገበሬ ግን በዚያ ካርታ ላይ አልነበረም።

ካርታው ላይ እንዲገባ ከሞከሩት መካከል የወላይታ አውራጃ ገዥ የነበሩት ደጃዝማች ወልደ ሰማያት ገብረ ወልድ ይጠቀሳሉ። በ1950ዎቹ ደጃዝማቹ ሕዝቡን እያስተባበሩ መንገድ አስጠረጉ፤ ከደጋ የመጡ መሬት አልባ ገበሬዎችንም በአባያ አካባቢ ባለው በአበላ ቆላ ማስፈር ጀመሩ። የዘመኑ ገዥ ጉልበት ማዘዝ ይችል ስለነበር መንገዱ ሁሉ በፈቃድ ተሠራ ለማለት አልደፍርም። ሐሳቡ ግን አዲስ ነበር፤ መንገድ የሚወጣው ሰው እንዲሰፍርበት ታስቦ ነው።

ይህ ጅምር በ1962 ዓ.ም. ወደ ትልቅ ፕሮጀክት አደገ። የዓለም ባንክ እህት ድርጅት በሆነው ዓለም አቀፍ የልማት ማኅበር ብድር የወላይታ እርሻ ልማት ድርጅት ተቋቋመ። ሕዝቡ የሚያውቀው በእንግሊዝኛ ምህጻሩ ዋዱ ብሎ ነው፤ ዛሬም ሽማግሌዎች «በዋዱ ጊዜ» ሲሉ ዘመን መቁጠራቸው ነው። በስዊድን እርዳታ አርሲ ውስጥ ከተቋቋመው ካዱ ጋር ወንድማማች ነበሩ ማለት ይቻላል። ወላይታን የለየው ግን ሰፈራን፣ መጋቢ መንገድን፣ የብድርና የማዳበሪያ አቅርቦትን፣ የኅብረት ሥራ ማኅበርን በአንድ ዕቅድ ማሰሩ ነው። ሰፈራው በአበላ ብቻ ሳይወሰን ወደ ኦሞ ሸለቆ በሚያወርደው በበሌም ተካሄደ።

መጋቢ መንገድ ለምን ወሳኝ እንደሆነ ለመረዳት አንድ ኩንታል በቆሎን ማሰብ ይበቃል። ኩንታሉ 100 ኪሎ ነው፤ አንዲት አህያ ብቻዋን አትወጣውም። ክረምት ገብቶ ጭቃው ጉልበት ሲደርስ ሁለት አህያም ቢገኝ አይሄድም። ያን ጊዜ ዋጋውን የሚቆርጠው ገበሬው ሳይሆን ደጁ ድረስ የመጣው ነጋዴ ነው። ማዳበሪያውም በተመሳሳይ መንገድ ይመጣል፤ ከዘር ጊዜ ሁለት ሳምንት ዘግይቶ የደረሰ ማዳበሪያ ዕዳ እንጂ ምርት አይሆንም። ዋዱ ክረምት ከበጋ መኪና የሚያስኬድ መንገድ፣ ከዳሩ የአቅርቦት ማዕከል፣ ከማዕከሉ ጎን የእርሻ ባለሙያ እያለ የዘረጋው ለዚህ ነው።

ነገሩ ሁሉ ማር አልነበረም። ዕቅዱ ውድ ነበር፤ በውጭ ገንዘብ ቆሞ ገንዘቡ ሲሳሳ እግሩ ተብረከረከ። የ1967ቱ የመሬት አዋጅም የጀመረበትን ምድር ለወጠው። በ1970ዎቹ ድርጅቱ ሲከስም ጥገና ያጣ መንገድ በጎርፍ መበላት ጀመረ። በ1977 ዓ.ም. ረሃቡ ወላይታ ደረሰ። ለምለም እየታየ የሚራብ አገር የተባለው ያኔ ነው። ተመራማሪው ደሳለኝ ራህመቶ በወላይታ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ከ1960ዎቹ ጀምሮ የተካሄዱትን የልማት ጣልቃ ገብነቶች በአንድ ጥናታቸው በጥብቅ ሂስ መርምረዋቸዋል። እኔም አንድ ነገር እጨምራለሁ፤ ከመንገዱ ዳር የነበረው ገበሬ ከመንገዱ የራቀውን ቀድሞት ሄዷል።

ወላይታ በ1993 ዓ.ም. ራሱን የቻለ ዞን ሲሆን ሶዶ ዳግም የአስተዳደር ማዕከል ሆነች። ከ1987ቱ ቆጠራ ወደ 1999ኙ ባለው ጊዜ ሕዝቧ ከ36 ሺህ ወደ 76 ሺህ ገደማ ደረሰ። በ1999 ዓ.ም. ዩኒቨርሲቲ ተከፈተባት። ነሐሴ 13 ቀን 2015 ዓ.ም. የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል ሲመሠረትም የክልሉ የፖለቲካ መቀመጫ ሆነች። የሶዶ መናኸሪያ ረዳት ሻሸመኔ፣ ሆሳዕና፣ አርባ ምንጭ፣ ሳውላ፣ ተርጫ እያለ ሲጣራ መስማት የከተማዋን ጥቅም ከማንኛውም ዘገባ በላይ ያስረዳል። አምስቱም መንገዶች ይገናኙባታል። ከመናኸሪያው ወደ ሰፈር የሚያደርሰው ግን ባጃጅ ነው፤ የከተማው ዕቅድ ሳይጠራው የመጣ፣ ዛሬ ግን ከተማዋ ያለ እሱ የማትንቀሳቀስበት።

ወደ ዳውሮ የሚወስደው የበሌ መንገድ ደግሞ ሌላ ታሪክ አለው። ታኅሣሥ 8 ቀን 2009 ዓ.ም. የተመረቀው ግልገል ጊቤ ሦስት ግድብ የኦሞን ውኃ ሲያቁር የቀድሞው መሻገሪያ ስለተዋጠ መንገዱ አቅጣጫ ለውጦ በአዲስ ድልድይ ተሠራ። የዋዱ ሰፋሪዎች የወረዱበት በሌ ዛሬ የኃይል ማመንጫ መንገድ ላይ ናት። በ2003 ዓ.ም. የተጀመረው የገጠር መንገድ ተደራሽነት ፕሮግራምም ቀበሌዎችን ለማገናኘት ተነሣ። በግምገማዬ ግን የዋዱን ግማሽ ብቻ ነው የወረሰው፤ መንገዱን ወስዶ በመንገዱ ዳር የሚቀመጠውን አቅርቦት፣ ብድርና ጥገና ለሌላ መሥሪያ ቤት ተወው።

አሁን በሶዶ ጎዳናዎች የኮሪደር ልማት ሥራ እየተካሄደ ነው። የእግረኛ መንገዱ ሰፍቶ መብራቱ ማማሩን የሚቃወም የለም። ከዳሞታ የሚወርደው ጎርፍ ግን በጌጥ አይገታም፤ ከተማዋ ገደላማ ናትና ቦዩ ከመንገዱ እኩል መታሰብ አለበት። በየሳምንቱ ሰንጋ ጭኖ ወደ አዲስ አበባ የሚወጣው አይሱዙም በመሃል ከተማ ከተማሪና ከእግረኛ ጋር መጋፋቱ መላ ይሻል።

ለወላይታ ሶዶ ዩኒቨርሲቲና ለዞኑ አስተዳደር አንድ ነገር ልለምን። በዋዱ ጊዜ ቀያሽ፣ ሹፌርና የእርሻ ባለሙያ የነበሩ ሰዎች ዕድሜያቸው ገፍቷል። የቀሩት የፕሮጀክቱ ሰነዶችና ካርታዎች ተሰብስበው፣ የአበላና የበሌ የመጀመሪያ ሰፋሪዎችም ቃል ተቀድቶ፣ አዲሱን የከተማና የመንገድ ዕቅድ የሚያወጡ ባለሙያዎች ጠረጴዛ ላይ ይቀመጥ። ሥራው ከአንድ የምርምር በጀት አያልፍም፤ ዘንድሮ ይጀመር።