ባለዕዳው መንግሥት ሲሆን
(ከጆሃንስበርግ)

«ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» ይሉ ነበር አባቶቻችን። በዚያው ዘመን ግን ተራው ባለገንዘብ ባለዕዳውን ኩታ ለኩታ ቋጥሮ፣ ተቆራኝቶ ዳኛ ፊት ማቅረብ ይችል ነበር። በላ ልበልሃ ተባብለው፣ ሁለቱም ተደምጠው ፍርድ ይሰጥ ነበር። ለመሆኑ ባለዕዳው ራሱ መንግሥት ሲሆን ከማን ጋር መቆራኘት ይቻላል? መንገድ ወይም ትምህርት ቤት ሠርቶ፣ በአማካሪ መሐንዲስ የጸደቀ የክፍያ ሰርተፍኬት ይዞ ከቢሮ ቢሮ የተንከራተተ ሥራ ተቋራጭ ሁሉ ይህን ጥያቄ ያውቀዋል።

በ1952 ዓ.ም. የታወጀው የፍትሐ ብሔር ሕግ መልስ ሞክሮ ነበር። ረቂቁን ያዘጋጁት ፈረንሳዊው የሕግ ሊቅ ሬኔ ዳቪድ ከአገራቸው የአስተዳደር ሕግ ቀድተው፣ ከቁጥር 3131 ጀምሮ ያለውን የአስተዳደር ውል ክፍል አሰፈሩ። ንጉሡ ባይከሰሱ መሥሪያ ቤታቸው ሊከሰስ ቻለ፤ ይህ ቀላል እርምጃ አልነበረም። ሚዛኑ ግን ከመነሻው ያዘነበለ ነበር። መሥሪያ ቤቱ ውሉን በራሱ ሥልጣን ሊለውጥ ወይም ሊያቋርጥ ይችላል። ሥራ ተቋራጩ ግን ሥራውን መቀጠል ጨርሶ የማይቻል ካልሆነበት በቀር፣ ክፍያ ዘገየብኝ ብሎ እጁን መሰብሰብ አይችልም። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 315 የአስተዳደር ውል በግልግል ዳኝነት እንዳይታይ ከለከለ። ፍትሐ ብሔሩ ራሱ እንዲህ ያለ ክልከላ ስላልነበረው የሕግ ባለሙያዎች ለዓመታት ተከራከሩበት። አዋጅ ቁጥር 1237/2013ም «በሕግ ካልተፈቀደ በቀር» ብሎ በሩን እንደተዘጋ ተወው።

በሩ ግን ለሁሉም አልተዘጋም። የጣሊያኑ ሳሊኒ በ1988 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ውሃና ፍሳሽ ባለሥልጣን ጋር ሲዋዋል፣ ውሉ አለመግባባትን ወደ ዓለም አቀፉ የንግድ ምክር ቤት የግልግል ዳኝነት የሚመራ አንቀጽ ነበረው። የግልግሉ መቀመጫ አዲስ አበባ ነበር። ዳኞቹ ለአመቺነት ችሎቱን ፓሪስ እናድርገው ሲሉ ባለሥልጣኑ አድልዎ ተፈጸመብኝ፣ ዳኞቹ ይነሡልኝ አለ። ልብ በሉ፤ የሥነ ሥርዓት ፍትሕ ተጓደለብኝ ብሎ የጮኸው በዚህ ጊዜ መንግሥት ራሱ ነበር! አቤቱታው ተቀባይነት ሲያጣ ወደ አገር ቤት ፍርድ ቤቶች ሄደ፤ እነሱም ክርክሩ እንዲታገድ አዘዙ። ዳኞቹ ኅዳር 28 ቀን 1994 ዓ.ም. በሰጡት ብይን እግዱን አልተቀበሉም። መንግሥት ፈርሞ የገባበትን የግልግል ስምምነት በራሱ ፍርድ ቤቶች በኩል ሊያመልጠው አይችልም አሉ።

ኮንስታ የተባለው የጣሊያን ጥምረት ታሪክ ግን በሌላ መንገድ አለቀ። በአውሮፓ ኅብረት ገንዘብ የአዲስ አበባ–ጅቡቲን አሮጌ ሐዲድ ለማደስ ተዋውሎ፣ ውሉ ሲፈርስ እ.ኤ.አ. በ2016 ወደ 20 ሚሊዮን ዩሮ ተፈረደለት። የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት ግንቦት 16 ቀን 2010 ዓ.ም. መሠረታዊ የሕግ ስህተት አለበት ብሎ ፍርዱን ሻረው። በሕግ ትክክል ነው የሚሉ አሉ፤ እኔም የውጭ ኩባንያ ጠበቃ አይደለሁም። ነገር ግን ኮንስታ ቢያንስ ሁለቱም ወገኖች በመረጡት መድረክ ተደምጧል። ሐዋሳ ወይም ደሴ ላይ ትምህርት ቤት የሠራው ወገናችን ይህን ዕድል ከየት ያገኛል?

የምኖርባት ደቡብ አፍሪካም ገነት አይደለችም። የኬፕ ሜትሮፖሊታን ምክር ቤት ማጭበርበር ፈጸመ ያለውን ተቋራጭ ሳያዳምጥ ውሉን አፈረሰ። ከፍተኛው የይግባኝ ፍርድ ቤትም እ.ኤ.አ. በ2001 ጉዳዩ የውል እንጂ የአስተዳደር ሥልጣን አይደለምና አስቀድሞ የመደመጥ መብት የለህም አለው። ሆኖም የመንግሥት መሥሪያ ቤት የክፍያ ጥያቄ በደረሰው በ30 ቀን ውስጥ እንዲከፍል ደንብ አለ። ደንቡ በሰፊው ይጣሳል፤ የጆሃንስበርግ አውራጃ ጋውቴንግም ስሟ በተደጋጋሚ ይነሣል። ግን ያልተከፈለው ሒሳብ በይፋ እየተቆጠረ ይታተማል፤ ጋዜጠኛም ይጠይቅበታል።

አሁን ወደ አገሬ ተቋራጭ ልመለስ። ሥራውን የሚጀምረው ቤቱን አስይዞ ከባንክ በተበደረው ገንዘብ ነው። መሥሪያ ቤቱ ካልከፈለው ለዓመታት ፍርድ ቤት ይመላለሳል። ባንኩ ግን በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ፣ ያለ ፍርድ ቤት ውሳኔ ቤቱን በሐራጅ ይሸጠዋል። የአገሪቱ ትልቁ ባንክ ደግሞ የመንግሥት ነው። አንዱ የመንግሥት እጅ ገንዘቡን ይዞበት፣ ሌላው እጅ በሩ ላይ የሐራጅ ማስታወቂያ ይለጥፍበታል።