የዲምብልቢ ፊልምና የደርግ መቀስ

በሳሪስም ሆነ በላፍቶ አዛውንቶችን ስለ ረሃብ ብትጠይቁ ዘመኑን በቁጥር ይነግሯችኋል፤ «የስልሳ ስድስቱ» ወይም «የሰባ ሰባቱ» ብለው። ከዚያ ወዲህ የተወለድነው እኛ ግን ሁለቱንም የምናውቃቸው በፊልም ነው፤ ያውም የውጭ ሰዎች በቀረጹት። ስለዚህ እንጠይቅ፤ የተራበን ሰው የሚያሳይ ፊልም መብቱንም ያስከብርለታል?

በ1965 ዓ.ም. ረሃቡ ወሎን ሲጨርስ መንግሥት ነገሩን ሸፋፍኖ ይዞት ነበር። የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ መምህራን ወሎ ድረስ ሄደው ፎቶግራፍ ይዘው ተመለሱ፤ በግቢያቸውም አሳዩ። ተማሪው ጮኸ፤ ቤተ መንግሥቱ ግን አልሰማም። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ የሠራው «ያልታወቀው ረሃብ» የተሰኘ ዘጋቢ ፊልም ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በአገሩ ቴሌቪዥን ሲታይ ነው ዓለም የነቃው። ገንዘብ ተሰበሰበ፣ እርዳታ መጣ። ለብዙዎች ግን ረፍዶ ነበር።

የፊልሙ ታሪክ በዚህ አላበቃም። ደርግ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ ፊልሙን በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን አሳየ፤ እንዳለ ግን አይደለም። በተራቡት ሰዎች መሃል የቤተ መንግሥት ድግስና ግብዣ እየቆረጠ ሰካበት። በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ። ረሃቡም ድግሱም ውሸት አልነበረም። ነገር ግን ምስክርነት ለመስጠት የተቀረጸው ምስል የሥልጣን መሣሪያ ሆነ። ኅዳር 14 ቀን ስልሳ ያህል ሰዎች ያለ ፍርድ ሲረሸኑ፣ ረሃቡን ደብቃችኋል ተብለው ሲወቀሱ የከረሙ ባለሥልጣናትም ነበሩባቸው።

አሥር ዓመት አለፈ። በመስከረም 1977 ዓ.ም. ያው ደርግ የአብዮቱን አሥረኛ ዓመት በታላቅ ድግስ ሲያከብር ሰሜኑ ይራብ ነበር። በተራው ደበቀ ማለት ነው! ኬንያዊው ካሜራማን መሐመድ አሚንና የቢቢሲው ማይክል በርክ ኮረም ላይ የቀረጹት ዘገባ ጥቅምት 13 ቀን ታየ፤ ሐምሌ 6 ደግሞ በለንደንና በፊላዴልፊያ ላይቭ ኤይድ የተባለው ኮንሰርት ተደረገ። እህሉ በእርግጥ ነፍስ አድኗል፤ ይህን መካድ ነውር ነው።

በዚያው ጊዜ ግን መንግሥት ወደ 600 ሺህ የሚጠጋ ሕዝብ ከቀዬው አንስቶ ያሰፍር ነበር፤ ብዙውን በግዴታ። የፈረንሳዩ ድንበር የለሽ ሐኪሞች ቡድን እርዳታው ለዚህ መዋሉን በይፋ በመቃወሙ በ1978 ዓ.ም. ከአገር ተባረረ። ሌሎች ድርጅቶች ሥራችን እንዳይቋረጥ ብለው ዝም አሉ። ማን ትክክል ነበር? ክርክሩ እስከ ዛሬ አልበረደም።

እኛ የምንለው ይህን ነው፤ እህል የሚያስገኝ ምስል ሁሉ መብት አያስገኝም። የለንደን ተመልካች አዝኖ ገንዘብ ይሰጣል፤ ወረዳው ላይ አቤት ለሚል ገበሬ ግን ጠበቃ ሊሆነው አይችልም። በ1965 ዓ.ም. የመምህራኑን ፎቶግራፍ የሚሰማ መንግሥት ቢኖር ኖሮ ዲምብልቢ የሚቀርጸው ሬሳ ባነሰ ነበር፤ ደርግም የሚቆርጠው ፊልም ባላገኘ። ከውጭ ከሚመጣ ካሜራ በፊት ልንጠብቀው የሚገባን፣ በአገር ውስጥ ያየነውን በአገር ውስጥ የማሳየት መብታችንን ነው።